ውሰት ወይስ ብድር? የቀልብ ፍልስፍና ስሠራ የያዝኩት ማስታወሻ

ቀን 1

እሺ ልጀምር። ስጽፈው ለከረምኩት ፋንታሲ ልቦለድ ስለ ንቃተ ህሊና የሚያስተምር አንድ እምነት ያስፈልገኛል፣ ማለቴ ሰው «እኔ» ሲል ያ «እኔ» ከየት መጥቶ የት እንደሚገባ የሚናገር። እስካሁን የሞካከርኩት ሁሉ ባዶ ሆነብኝ። ነጭ የለበሱ ሽማግሌዎች ተራራ ላይ ቁጭ ብለው «ሁሉም አንድ ነው» ይላሉ፣ ካራክተሮቼ ያንን ሰምተው ያድሩና በማግስቱ ሲነሱ የሚያደርጉት ነገር ቅንጣት አይቀየርም። ስለዚህ ከዛሬ ጀምሮ የምሠራውንም የምጥለውንም እዚህ እመዘግባለሁ።

ጥያቄው ግን ከልቦለዱ አይደለም የመጣው። የዛሬ ሁለት ዓመት በሙሉ ማደንዘዣ ኦፕራሲዮን ሆኜ ነበር። ጭምብሉን አድርገውልኝ ቁጠሪ አሉኝ፣ አንድ ሁለት ሦስት አራት ስል ትዝ ይለኛል፣ ከዛ ቀጥሎ ያለው ጣሪያ ነው፣ የሌላ ክፍል ጣሪያ። መሃል ላይ ጨለማ እንኳን የለም። እንቅልፍ ቢሆን እኮ ሰው ሲነሳ ቢያንስ ጊዜ እንደሄደ ይታወቀዋል፣ ይሄ ግን «አራት» የሚለው ድምጼና ጣሪያው አንድ ላይ የተሰፉ ናቸው። ሦስት ሰዓት ተኩል ፈጀ ሲሉኝ ማመን አቃተኝ፣ እስካሁንም ያ ሦስት ሰዓት ተኩል ይከነክነኛል። በዚያ ሰዓት እኔ የት ነበርኩ? ደግሞ የነቃችው እኔው ነኝ ወይስ ትዝታዬን የተረከበች ሌላ?

ቀን 2

ዛሬ የሠራሁት ቃል መልቀም ብቻ ነው። «ንቃተ ህሊና» የሚለው ቃል ለልቦለድ አይመቸኝም፣ የመማሪያ መጽሐፍ ነው የሚሸተው። ሰው በየቀኑ የሚላቸውን ብቻ ሰበሰብኩ፦ እንቅልፍ ወሰደኝ። ራሴን ሳትኩ። ነፍስ ካወቅኩ ጀምሮ። ልብ አላልኩትም። ቀልቤ ተሰረቀ። ቀልቤን ሰበሰብኩ። ቀልቡ ተገፈፈ።

ጽፌ ስጨርስ ገጹን ለረጅም ጊዜ አየሁት። እያንዳንዱ አባባል ውስጥ እኮ ሌባ አለ፣ ወሳጅ አለ፣ የሚበተንና የሚሰበሰብ ዕቃ አለ። እንቅልፍ ወሰደኝ እንላለን፣ የት ወሰደኝ ብሎ የሚጠይቅ ግን የለም። ራሴን ሳትኩ ስንል የሳተው ማነው፣ የተሳተውስ?

ውሳኔ፦ በዚህ ዓለም ያሉ ሰዎች እነዚህን አባባሎች ቃል በቃል ነው የሚወስዷቸው። ቁልፉ ቃል ቀልብ ይሆናል። ነፍስ የሚለውን ሆን ብዬ ተውኩት፣ ነፍስ ስትል ሞትና ፍርድ አብረው ይመጣሉ፣ እኔ የምፈልገው ያንን ሳይሆን አሁን ይሄን መስመር እያየ ያለውን ነገር ነው።

ቀን 3

ከዚህ በፊት የታሰበውን ሳላውቅ የተሠራውን እንደ አዲስ እንዳልሠራ የፈላስፎችን ሐሳብ ትንሽ አነበብኩ (ዓመቶቹ እ.ኤ.አ. ናቸው)። ዴቪድ ቻልመርስ በ1995 «ከባዱ ችግር» ያለው ነገር በትክክል የኔን ጥያቄ ይነካል፦ አንጎል ቀለም እንዴት እንደሚለይ፣ እንዴት እንደሚያስታውስ ቀስ በቀስ ይደረስበት ይሆናል፣ ይሄ ሁሉ ሲሠራ ግን ከውስጥ የሚሰማ ነገር ለምን ኖረ? ከሱ በፊት ቶማስ ኔጄል በ1974 የሌሊት ወፍ መሆን ለራሷ ለወፏ ምን ይመስላል ብሎ ጠይቋል፣ ስለ ወፏ ሁሉን ብናውቅ እንኳን ያንን ከውጭ ማግኘት እንዴት ይቻላል የሚል ነው።

በ1037 የሞተው ኢብን ሲና ደግሞ አንድ ሰው አየር ላይ ተንሳፍፎ ይፈጠር፣ ዓይኑ ይሸፈን፣ ጣቶቹ እንኳን እርስ በርስ አይነካኩ ይልና አሁንም መኖሩን ያውቃል ብሎ ይደመድማል። በጣም ደስ የሚል ሐሳብ ነው፣ ግን የኔ ሦስት ሰዓት ተኩል ውስጥ ተንሳፋፊውም አልነበረም። ዴካርት አእምሮ ሁልጊዜ ያስባል፣ ማሰብ አያቋርጥም ይል ነበር፣ ጆን ሎክ ደግሞ ይሄንን አልቀበልም፣ ድብን ያለ እንቅልፍ ውስጥ አስባለሁ ካልክ እኔ እንዴት አላወቅኩትም ብሎ ይከራከረዋል። ከሁሉም የያዘኝ ሎክ ነው። ስለ ሰው ልጅ መረዳት የጻፈው መጽሐፉ በ1694 በወጣው ሁለተኛ እትም ላይ አንድ ገላ ውስጥ ሁለት የማይተዋወቁ ንቃቶች ቢኖሩ፣ አንዱ ቀን ብቻ ሌላው ሌሊት ብቻ ቢሠሩ፣ የቀኑ ሰውና የሌሊቱ ሰው አንድ ሰው ናቸው ወይ ብሎ ይጠይቃል።

የቀን ሰውና የሌሊት ሰው። ይሄን በትልቁ ጽፌ ግድግዳ ላይ ለጠፍኩት።

ቀን 6

ለዓለሙ ምድር ሠራሁለት። ጨረቃ ሁልጊዜ አንድ ፊቷን ብቻ ወደኛ እንደምታሳየው ሁሉ ይቺ ምድርም አንድ ፊቷን ብቻ ለፀሐይዋ ሰጥታ ትኖራለች፣ አንዱ ወገን እሳት ሌላው ወገን በረዶ፣ ሰው የሚኖረው መሃል ባለው ቀጭን መቀነት ላይ ነው፣ እዛ ሁልጊዜ ማምሻ ነው። ስሟን ድንግዝግዝ አልኳት። ሌሊት የለም፣ ንጋትም የለም።

ይሄን የመረጥኩት ለውበቱ አይደለም። ሌሊት ከሌለ እንቅልፍን ማነው የሚያዘው? ሚሼል ሲፍር የሚባል ፈረንሳዊ በ1962 ያለ ሰዓትና ያለ ፀሐይ ዋሻ ውስጥ ሁለት ወር ገደማ ከርሞ ሴፕቴምበር 14 ሲወጣ እሱ በራሱ ቆጠራ ገና ኦገስት 20 ነበር የመሰለው። ሃያ አምስት ቀን ጠፋበት ማለት ነው። ስለዚህ ድንግዝግዝ ውስጥ ሰው በየራሱ ቢተኛ ከተማው ይበታተናል፣ አንዱ ሲነሳ አንዱ ይተኛል፣ ገበያም ፍርድ ቤትም አይቆምም። መፍትሔው ደወል ነው። ሕዝቡ በሦስት ይከፈላል፣ በየስምንት ሰዓቱ ደወል ይመታል፣ አንዱ ወገን ሲተኛ የተኛው ይነሳል፣ ሁለቱ ወገን ሁልጊዜ ንቁ ነው።

ከዛ እምነቱ በራሱ ጊዜ መጣ፦ አንዱ ካልተኛ ሌላው መንቃት አይችልም። ቀልብ የግል ንብረት አይደለም፣ ሲተኙ የሚያስረክቡት ውሰት ነው።

ቀን 7

ዛሬ ከሁሉ ቀን በላይ ደስ ያለኝ ቀን ነው፣ በዝርዝር ልጻፈው።

ርክክቡ እንዴት እንደሚሄድ በጭንቅላቴ ማየት ሲያቅተኝ ሦስት ስኒ ደረደርኩ፣ እነሱ ሦስት ሰዎች ናቸው፣ አንደኛ ሁለተኛ ሦስተኛ። ሁለት ጨሌ ወሰድኩ፣ አንድ ቀይ አንድ ሰማያዊ፣ እነሱ ቀልቦቹ ናቸው፣ ምክንያቱም ከሦስቱ ሁልጊዜ ሁለቱ ብቻ ናቸው ንቁ። መጀመሪያ ቀዩ አንደኛው ጋ፣ ሰማያዊው ሁለተኛው ጋ ነው፣ ሦስተኛው ተኝቷል። ደወል። አንደኛው ይተኛል፣ ቀዩን ለሦስተኛው ይሰጣል። ደወል። ሁለተኛው ይተኛል፣ ሰማያዊውን ለሚነሳው ለአንደኛው ይሰጣል። እዚህ ላይ እጄ ቀጥ አለ።

አንደኛው ቀይ አስረክቦ ተኛ፣ ሲነቃ ሰማያዊ ነው የያዘው።

እንደገና ከመጀመሪያው ሠራሁት፣ ያው ነው። ቀጠልኩ፣ በሚቀጥለው መንቃቱ ቀዩ ተመለሰለት፣ ከዛ ደግሞ ሰማያዊ። ማለትም እያንዳንዱ ሰው አንድ ቀን በራሱ ቀልብ ይውላል፣ በማግስቱ በሌላ ሰው ቀልብ። እኔ ይሄን አላሰብኩትም፣ አልፈጠርኩትም፣ ሦስት ሰውና ስምንት ሰዓት ብዬ የወሰንኩት ቁጥር ውስጥ ተቀምጦ ሲጠብቀኝ ነበር። የሎክ የቀን ሰውና የሌሊት ሰው ከስኒ ውስጥ ወጣ።

የራስ ቀን እና የእንግዳ ቀን ብዬ ሰየምኳቸው። ትዝታ ገላ ውስጥ ይቀራል፣ ሙያም ጠባሳም ፍቅርም ገላ ውስጥ ይቀራል፣ የሚቀያየረው የሚያየው ብቻ ነው። ስለዚህ በእንግዳ ቀን የምትነቃው ሴት ስሟን ታውቃለች፣ ልጆቿን ታውቃለች፣ ምንም የጎደለባት ነገር የለም፣ እና ዋናው አስፈሪ ነገር ይሄው ነው፣ ልዩነቱ የሚታወቅበት መንገድ የለም።

ቀን 8

ትናንት እንቅልፍ አልወሰደኝም ማለት ይቻላል። ዛሬ እምነቱ ለሁለት ተሰነጠቀ፣ መሰንጠቂያውም ቋንቋችን ውስጥ ነበር። መጥረቢያ ብዋስ የምመልሰው ያንኑ መጥረቢያ ነው፣ ሌላ መጥረቢያ ብመልስ ባለቤቱ ይከፋዋል። ገንዘብ ብበደር ግን ያችኑ ኖት መመለስ አይጠበቅብኝም፣ ያህሉ ከተመለሰ ዕዳው ተከፈለ።

ውሰተኞች፦ ቀልብ ውሰት ነው፣ ቀይ ቀይ ነው፣ በእንግዳ ቀን ያለሁት እኔ አይደለሁም፣ የራሴ ተመልሶ እስኪመጣ ገላዬን ሌላ ሰው ይጠብቅልኛል።

ብድረኞች፦ ቀልብ ብድር ነው፣ ቀለም የለውም፣ ያህሉ ከመጣ እኔ ነኝ፣ «የራሴ» የሚባል ቀልብ ኖሮም አያውቅ።

ሁለቱ ወገኖች የሚያዩት ዓለም አንድ ነው፣ አንዳቸውም ሌላውን በማስረጃ መርታት አይችሉም። የድሮው ድራፍቴ ላይ ቀልብ በጨለማ የሚያበራ ነገር ነበር፣ በዓይን ይታይ ነበር። ዲሊት አደረግኩት። ቀለሙ በዓይን ከታየማ ክርክሩ ያልቃል፣ እምነት መሆኑም ቀርቶ የማጂክ ሲስተም (ሕግ የወጣለት አስማት) ይሆናል። ባለፉት ዓመታት የሠራኋቸው ሁሉ የሞቱት በዚህ ነው ብዬ አምናለሁ፣ ዓለሙ ራሱ እየመሰከረላቸው ማንም ምንም ሳይከፍል ያምን ነበር።

ቀን 11

ኑሮ ውስጥ ማስገባት። ውሰተኞች በእንግዳ ቀን ውል አይፈርሙም፣ አይጋቡም፣ ለቅሶ ላይ ግን ይሄዳሉ (ኀዘኑ ገላ ውስጥ ስላለ እንግዳውም ያለቅሳል)። ከመተኛታቸው በፊት ለሚመጣው እንግዳ አንድ መስመር ይጽፋሉ፣ «ግራ ጉልበቴን ያመኛል፣ ደረጃው ላይ ቀስ በይ» ዓይነት። ይሄን ስጽፍ ዓይኔ እንባ አቀረረ። ለማታውቂው ሰው ስለ ጉልበትሽ መጻፍ።

ብድረኞች ይሄን ሁሉ ንቀው ይስቃሉ ብዬ ልጽፍ ነበር፣ ተውኩት፣ እነሱም ክብር አላቸው። እነሱ ዘንድ ማንኛውም ንቁ ሰው በማንኛውም ሰዓት አንቺን ሊሆን የሚችል ስለሆነ ጠላት ማሰቃየት አይቻልም። የውሰተኛ ርኅራኄ ለአንዲት እንግዳ ነው፣ የብድረኛ ለሁሉም ነው ግን ማንም በስም አይታወቅበትም። የትኛው እንደሚሻል እኔ ራሴ አልወሰንኩም።

ስለ እንስሳት በአጭሩ፦ ዶልፊን በአንድ ጊዜ የሚያስተኛው ግማሽ አንጎሉን ነው፣ ስለዚህ ድንግዝግዝ ውስጥ ያለው የባሕር እንስሳ ቀልቡን አስረክቦ የማያውቅ ቅዱስ ይሆናል። ኦክቶፐስ ደግሞ ወደ 500 ሚሊዮን የነርቭ ሴሎች አሉት፣ ሁለት ሦስተኛው ክንዶቹ ውስጥ ነው፣ ብድረኞች «ለስምንት ክንድ ስንት ቀልብ ይከፈላል» እያሉ ተማሪ የሚፈትኑበት እንቆቅልሽ አደረግኩት።

ቀን 13

ርክክቡን የሚለማመዱበት ሥርዓት ፈልጌ በራሴ ላይ ሞከርኩት። ወንበር ላይ ተቀምጬ ማንኪያ በሁለት ጣት ይዤ ከታች ትሪ አስቀመጥኩ፣ ሰመመን ሲወስደኝ ጣቴ ይላላል፣ ማንኪያው ይወድቃል፣ ድምፁ ይቀሰቅሰኛል። ዓላማዬ ቀልቤ ስትሄድ መያዝ ነበር። ስምንት ጊዜ ሞከርኩ። ስምንቱንም ጊዜ ያገኘሁት ድምፁን እንጂ መሄዱን አይደለም። አንዴ የሆነ ሰው ከኋላዬ ስሜን የጠራኝ መሰለኝ፣ አንዴ ደረጃ የሳትኩ መስሎኝ ደነገጥኩ፣ ግን መሄጃዋ ላይ ማንም አልነበረም፣ እኔም ጭምር።

ድንግዝግዝ ውስጥ ጠጠርና የነሐስ ሳህን ይሆናል። ተማሪዎቹ ለዓመታት ያደርጉታል።

ቀን 15

መጥፎ ቀን። ሕፃናትን ረስቼ ነበር። የቀልብ ቁጥር ቋሚ ከሆነ አዲስ የተወለደ ልጅ ከየት ያመጣል? «ነፍስ ካወቅኩ ጀምሮ» የሚለውን ይዤ ልጅ እስከ ሦስት አራት ዓመቱ ቀልብ የለውም፣ አንድ ሰው ሲሞት ነው የሚደርሰው ብዬ ጻፍኩ። ሎጂኩ በጣም ይገጥማል። ግን እንደዛ ከሆነ ሕፃንን መጉዳት ማንንም መጉዳት አይደለም ማለት ነው፣ ደግሞ ልጁ ነፍስ እንዲያውቅ አንድ ሽማግሌ ይሙት የሚል አይጠፋም። አንድ ሙሉ ምዕራፍ ጽፌ አነበብኩትና ራሴን አመመኝ።

ማታ ላይ ሌላ መንገድ መጣልኝ፣ ልጅ የሚዋሰው ከሚንከባከቡት ነው፣ በጥቂት በጥቂቱ፣ ለዛ ነው አራስ እናት ዕቃ የት እንዳስቀመጠች የምትረሳው፣ ስታወራ ሐሳቧ የሚቆረጠው። ጎረቤቶች ይሄን ስለሚያውቁ እየመጡ በሷ ፈንታ ነቅተው ይቀመጣሉ። ቁጥሩ ቋሚ ነው ወይ የሚለውን ክፍት ተውኩት፣ ሰዎቹ ቋሚ ነው ይላሉ እንጂ ማንም ቆጥሮ አያውቅም።

ቀን 19

ድራፍቱን ለታላቅ እህቴ ሰጠኋት። ኦፕራሲዮኑ ጊዜ አጠገቤ የነበረችው እሷ ናት። አንብባ ስትጨርስ ስለ ልቦለዱ ምንም ሳትል «ጣሪያውን ነው መጀመሪያ ያየሽው?» አለችኝ።

አዎ አልኳት።

«አይደለም እኮ። ከዛ በፊት ሃያ ደቂቃ ያህል አውርተሽኛል። እጄን ይዘሽ ጨረሱ ወይ ብለሽ ሦስት ጊዜ ጠየቅሽኝ፣ ሦስቴም መለስኩልሽ። ከዛ አንቺ ደክሞሻል ሂጂ ተኚ አልሽኝ።»

ይሄን ሁለት ዓመት ሙሉ አልነገረችኝም፣ የማስታውሰው መስሏት።

የሕክምናው ማብራሪያ ይገባኛል፣ አንዳንዶቹ መድኃኒቶች ሰውየው እያወራ፣ እየታዘዘ፣ ትዝታ ብቻ እንዳይመዘገብ ያደርጋሉ። ግን እስቲ አስቡት። እህቴ እንደደከማት ያየች፣ ሂጂ ተኚ ያለች ሰው ነበረች። አዝናላታለች። እኔ ግን እዛ አልነበርኩም፣ ወይም ነበርኩና ያቺን እኔ ድጋሚ ላገኛት አልችልም። ውሰተኛዋ «እንግዳሽ ነበረች» ትለኛለች፣ ብድረኛዋ «አንቺው ነሽ» ትለኛለች። ሁለቱም አላረኩኝም። በእንግዳ ቀን እንኳን እኮ ትዝታው ገላ ውስጥ ይቀራል፣ ይቺ ግን ምንም ሳትተው ነው የሄደችው።

ዛሬ ሌላ አልሠራሁም።

ቀን 20

ስኒዎቹን እንደገና አወጣሁ። ቀዩን ጨሌ ከአንደኛው ስኒ አንስቼ ወደ ሦስተኛው ሳሻግር መሃል ላይ አቆምኩት። ጨሌው እጄ ውስጥ ነው፣ በየትኛውም ስኒ ውስጥ የለም። እስከዛሬ ይሄን እንቅስቃሴ ምናልባት መቶ ጊዜ አድርጌዋለሁ፣ ልብ አላልኩትም።

ደወሉ እየመታ ያለበት ጊዜ ማለት ነው። አንዱ አስረክቧል፣ ሌላው ገና አልተረከበም፣ ቀልቡ የማንም አይደለም። ድንግዝግዝ ውስጥ ሰው በዚያ ጊዜ ይናገራል፣ አልጋ ውስጥ ያሉት ሁሉ በአንድ ላይ ጥቂት ቃል ይላሉ፣ ከዛ የተኛውም ይተኛል የነቃውም ይነቃል፣ ማንም አያስታውስም። ውሰተኞችም ብድረኞችም ይሄን ቅዠት ብለው ይተዉታል፣ ሕጉም የደወል ቃል ቃል አይደለም ይላል።

ሦስተኛዋ ወገን አንዲት ሴት ብቻ ናት፣ ደወል ጠባቂዋ። ደወሉን የምትመታው እሷ ስለሆነች በርክክቡ ጊዜ ሁልጊዜ ንቁ ናት። በየቤቱ እያለፈች የሚባለውን ትሰማለች። የሷ ትምህርት አጭር ነው፦ ከርክክቡ መሃል የሚናገር አለ፣ ስም የለውም፣ ማንንም አያስታውስም፣ ግን ለሰው ያዝናል። ለምን እንደሚያዝን አታውቅም። እሷ የምታደርገው መልስ መስጠት ነው፣ ሦስት ጊዜ ቢጠይቋት ሦስት ጊዜ ትመልሳለች።

ቀን 22

ነጭ የለበሱትን ሽማግሌዎች ሙሉ በሙሉ አወጣኋቸው። ተራራውም ወጣ።

ፍርድ ቤቱን ገና እየታገልኩት ነው። አንድ ሰው በደወል መሃል ለጎረቤቱ «መሬቱ ያንተ ነው፣ አባቴ ነው የሰረቀህ» ይለዋል። ነቅቶ ይክዳል፣ በእውነትም አያስታውስም። ምስክሯ ደወል ጠባቂዋ ብቻ ናት። ሕጉ አይሰማትም፣ እሷም ሕጉን አትለምንም፣ ግን ከዛን ቀን ጀምሮ የሰውየው ቤት በራፍ ላይ ትንሽ ቆይታ ነው የምታልፈው። ዳኛው ምን እንደሚወስን አላወቅኩም፣ ራሱም በእንግዳ ቀን ላይ ያለ ውሰተኛ ነው፣ ስለዚህ መፍረድ አይችልም፣ ለነገ ይቀጥራል። ነገ የሚመጣው የራሱ ቀልብ ደግሞ ምስክሯን ዓይቷት አያውቅም፣ ገላው ውስጥ ያለው ትዝታ ብቻ ነው የሚነግረው። ይሄ ትዕይንት ውስጥ ብዙ ነገር አለ፣ ቸኩዬ አላበላሸውም።

ቀን 26

የደወል ጠባቂዋ ምዕራፍ የመጀመሪያ ገጽ አለቀ። ይሄው አንዱ አንቀጽ፦

«ገመዱን ለቀቀችና ወረደች። በመጀመሪያው ቤት አንድ ልጅ ዓይኑ ተከድኖ ጨረሱ ወይ አላት። ጨርሰዋል አለችው። በሁለተኛው ቤት የምትኖረው አሮጊት እጇን ያዘችና ደክሞሻል አለቻት። አዎ ደክሞኛል አለች። ይሄን ጥያቄ ንቁ የሆነ ሰው ጠይቋት አያውቅም። አሮጊቷ ነገ ብታያት ሰላም ብቻ ብላት እንደምታልፍ ታውቃለች፣ እጇን ግን እስክትለቃት ድረስ አልነጠቀችም።»

ለእህቴ አነበብኩላት። ዝም ብላ ቆየችና አንድ ነገር ብቻ ጠየቀችኝ፣ ደወሉ ስንት ጊዜ ነው የሚመታው?

ሰባት ምት አልኳት።

«ለዛ ሁሉ ቤት ሰባት ምት አይበቃትም» አለችኝ። ልክ ናት፣ አስልቼ አየሁት፣ እስከ ሦስተኛው ቤት እንኳን አያደርሳትም፣ ደግሞ ገመዱን ከለቀቀች ማነው የሚመታው። ደወሉን በውሃ የሚሠራ አደረግኩትና ከሰባት ወደ ስልሳ ምት አሳደግኩት። ከመጀመሪያው ምዕራፍ ጀምሮ «ሰባት ምት» ያልኩባቸው ቦታዎች አሥራ አንድ ናቸው፣ ነገ እነሱን አርማለሁ።